ድሬዳዋ የልደት ካርድ ልታወጡ ለምትሄዱ

ድሬ ላይ ሌላው ሁሉ ደስ ይላል። ከዚራ ያረፍኩበት ሆቴል ንጹሕ ነው፤ የባጃጅ ሾፌሮቹም እንደ ወንድም ናቸው። ያንገበገበኝ ቀበሌው ነው።

የምኖርበት ጀርመን ለዜግነት ማመልከቻዬ የልደት ምስክር ወረቀት ጠየቀኝ። የወሳኝ ኩነት ምዝገባ በአገር ደረጃ የተጀመረው ሐምሌ 30 ቀን 2008 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በፊት የተወለድነው አብዛኞቻችን በማስረጃና በምስክር ነው የምናወጣው። ይሄ አይከፋኝም።

የከፋኝ፣ የሚያስፈልገውን ሁሉ በአንዴ የሚነግር ሰው መጥፋቱ ነው። ፎቶ ይዤ ስሄድ የክርስትና ካርድ አሉኝ። እሱን ሳመጣ ምስክር። ምስክር ሳመጣ ኃላፊው ስብሰባ ገቡ። እሳቸው ሲመለሱ ማኅተም ያዥዋ መሳቢያውን ቆልፋ ወጥታለች። ግድግዳው ላይ አንድ ወረቀት ቢለጠፍ እኮ ስንት ሰው ከመመላለስ ይድን ነበር! ጀርመንም ቢሮክራሲ ሞልቷል፤ ግን ዝርዝሩን አስቀድመው ይሰጡሃል።

ምስክር ማግኘቱም ቀላል አይደለም። በ1998 የደቻቱ ወንዝ ሞልቶ ሰፈሩን ከጠረገ ወዲህ የድሮ ጎረቤት ተበታትኗል። ስወለድ የነበሩ አንዲት እናት ሳቢያን ድረስ ሄጄ አመጣሁ። በዚያ ሙቀት፣ ማራገቢያ በሌለው ኮሪደር፣ በነጠላቸው ጫፍ ፊታቸውን እያራገቡ ጠበቁ። መጨረሻ ላይ «እማማ፣ ነገ ይምጡ» ተባሉ። ቀና ብሎ እንኳን ያያቸው የለም። የኔን መጉላላት እችለዋለሁ፤ የእሳቸው ግን አሁንም ያበሳጨኛል። በማግስቱ መጥተው አውራ ጣታቸውን ቀለም አስነክተው ፎርሙ ላይ አተሙ። «አይዞህ ልጄ፣ ያንተ ይለቅ እንጂ እኔ ምን ሥራ አለኝ» አሉኝ። እንዲህ ያሉ ሰዎች ባይኖሩ ባዶ እጄን ነበር የምመለሰው።

በር ላይ «ዛሬውኑ እጨርስልሃለሁ» የሚል ጉዳይ አስፈጻሚ ይጠጋችኋል። አትስጡት። እኔ ደረሰኝ ካለው ክፍያ ውጭ ሰባራ ሳንቲም አላወጣሁም፤ ወረቀቱም ወጥቷል።

በጠዋት ሂዱ፤ ቀትር ላይ ድሬ ውስጥ ቢሮ አትጠብቁ። ምስክሮቻችሁን ገና ሳትሳፈሩ በስልክ ያዙ። ወረቀቱን ስትቀበሉ እዚያው ቆማችሁ ስማችሁን ከፓስፖርታችሁ ጋር ፊደል በፊደል አመሳክሩ፤ የኔ አያት ስም በእንግሊዝኛው አንድ ፊደል ጎድሎት ነበር፣ እንደገና አሳተምኩ። ከዚያ አዲስ አበባ፣ ውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር መረጋገጥ ስላለበት፣ የመመለሻ ትኬታችሁን ስትቆርጡ ለእሱም ቀን ተዉ።