ለደብረ ብርሃን ማታ የትኛው ይሻላል? የሁለት የኪንግስ ኦፍ ኮንቪኒየንስ አልበሞች ንጽጽር

ደብረ ብርሃን በኅዳር፣ ከምሽቱ አንድ ሰዓት በኋላ ሰው ደጅ አያመሽም። ውርጩ ሲገባ ጋቢ ይደረባል፣ ዘፈንም ቀስ ያለው ይፈለጋል። ክራር የሚወዱ ጓደኞቼ «ከፈረንጆቹስ እንዲህ ጸጥ ያለ የለም?» ሲሉኝ የምጠቁማቸው ኪንግስ ኦፍ ኮንቪኒየንስን ነው። ዝናብ ከማያጣት ከኖርዌይዋ በርገን የመጡ ሁለት ሰዎች ናቸው፤ ኧርለንድ ኦዬና አይሪክ ግላምቤክ ቦ። ሁለት ጊታር፣ ሁለት ድምፅ። ከዚያ ቀጥሎ የሚመጣው ጥያቄ ሁሌም አንድ ነው፦ ገንዘቤ ለአንድ ብቻ ከበቃ የ2004ቱን «ራዮት ኦን አን ኤምፕቲ ስትሪት» ልግዛ ወይስ የ2009ኙን «ዴክላሬሽን ኦፍ ዲፔንደንስ»? (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው።)

እኔ ለ2009ኙ አዳላለሁ፤ ሳልደብቅ ልናገር። ምክንያቴ ከበሮ ነው፤ በአልበሙ ውስጥ ከበሮ የሚባል ነገር የለም። ምቱን የሚይዙት ጣቶች ናቸው፤ ሲያስፈልግ ጊታሩን በእጃቸው መታ ያደርጉታል፣ በቃ። «ቦት ቢሃይንድ» የሚለው ዘፈን ላይ በደጋን የሚሳብ አውታር ሲገባ የመሲንቆ ወዳጅ ጆሮ ቀና ይላል። ድምፃቸው ደግሞ አጠገብህ ተቀምጠው የሚያወሩ እንጂ የሚዘፍኑ አይመስልም።

እናቴ የመንዝ ልጅ ናት፤ ማታ ማታ ምድጃው ሥር ሆና የበግ ጸጉር ትፈትላለች። አንድ ቀን ይህንኑ አልበም በትንሿ ስፒከር ከፍቼው ሳለ እንዝርቷን ያዝ አድርጋ ሰማችና «እነዚህ ልጆች ይደማመጣሉ» አለችኝ። ከዚህ የተሻለ ግምገማ የትም አላነበብኩም። አንዱ ሲመታ ሌላው ቦታ ይለቃል፤ አንዱ ቀጭን ዜማ ሲያወጣ ሌላው ከሥር ይዞ ይጠብቀዋል። ቀጥላ «ምን ይላሉ?» ስትለኝ ግን ጉድ ፈላ። እንደ ምንም ተርጉሜ ስነግራት «ይኸው ነው?» ብላ ወደ ፈትሏ ተመለሰች። ሰምና ወርቅ ለለመደ ሰው ግጥሙ ቀጥ ያለ ወሬ ይሆንበታል። ግጥም ፈላጊ ከሆኑ ሁለቱንም ትተው ኢትዮፒክስ ከሚባለው የኢትዮጵያ ዘፈኖች ተከታታይ አልበም የአስናቀች ወርቁን ቁጥር 16ን ይግዙ፤ ክራሯም አንደበቷም እዚያ አሉ።

ሌላም ማወቅ ያለብዎት ነገር አለ። ክራራችን በትዝታ ወይም በባቲ ተቃኝቶ በአምስት ድምፅ ይዞራል፤ ቅኝቱን ሰምቶ ያደገ ጆሮ ዜማው የት እንደሚያርፍ አስቀድሞ ያውቃል። እነዚህ ሰዎች ግን ቦሳ ኖቫ የሚባለውን የብራዚል ለስላሳ ዘፈንና የጃዝ ኮርድ (አብረው የሚመቱ ድምፆች) ስለሚወዱ፣ ዜማው ያርፋል ባልንበት ቦታ አያርፍም፤ ይከፋ ይደሰት ሳይለይ ተንሳፍፎ ያልፋል። የመጀመሪያ ቀን «ምን ጎደለው?» ሊሉ ይችላሉ። ሦስት ማታ ይስጡት።

የ2004ቱ ሌላ ጠባይ አለው። ፒያኖ አለ፣ ከበሮ አለ፣ ካናዳዊቷ ፋይስት በሁለት ዘፈኖች ላይ ድምፅዋን ሰጥታለች። በተለይ «አይድ ራዘር ዳንስ ዊዝ ዩ» ትከሻ ያስነሳል። ልዩነቱ የገባኝ ወደ ደብረ ሲና በሚወርድ ሚኒባስ ውስጥ ነው። ሁለቱንም አልበሞች የጫንኩበትን ፍላሽ ለሾፌሩ ሰጠሁት። በ2009ኙ ጀመረ። ጣርማ በር ዋሻ ሳንደርስ፣ ሞተሩና ሲኖትራኩ እየጮኸ፣ ዞር ብሎ «ወንድሜ፣ ፍላሽህ ባዶ ነው እንዴ?» አለኝ። ዘፈኑ እኮ ሦስተኛው ላይ ደርሶ ነበር! ዋሻውን ወጥተን በጉሙ ውስጥ ቁልቁል ስንጀምር ወደ 2004ቱ ቀየረው፤ ያ የዳንሱ ዘፈን ሲመጣ ረዳቱ በሩን በጣቱ መምታት ጀመረ። ስለዚህ የሚሰሙት በመኪና፣ በሱቅ ወይም እንግዳ በሞላበት ቤት ከሆነ የእኔን ምርጫ ተከትለው ገንዘብዎን እንዳያባክኑ፤ የ2004ቱን ይውሰዱ። መጀመሪያ ለሚሰማቸውም ሰው እሱ ይቀላል።

አንድ ማሳሰቢያ፦ «ራዮት ኦን አን ኤምፕቲ ስትሪት» የሚለው ዘፈን ያለው በስሙ በተጠራው አልበም ላይ አይደለም፤ ከአምስት ዓመት በኋላ በወጣው በ2009ኙ ላይ ነው። እኔ ይህን ሳላውቅ «ዋናውን ዘፈን አስቀርተህብኛል» ብዬ ፍላሽ ከሚጭን ልጅ ጋር ተጨቃጭቄአለሁ። በዚህስ እሱ ንጹሕ ነበር። ጥፋቱ ሌላ ነው፤ የጫነልኝ ፋይል ተጨምቆ ተጨምቆ አውታሩ እንደ ቆርቆሮ የሚንሿሿ ሆኖ ነው ያገኘሁት። በከበሮና በኦርጋን የታጀበ ዘፈን እንዲህ ያለውን ጉዳት ይሸፍናል፤ ሁለት ጊታር ብቻ ያለበት ግን መደበቂያ የለውም።

ኋላ አሜሪካ ባለች እህቴ ካርድ በሕጋዊ መንገድ አስገዛሁትና ፋይሉን በቴሌግራም ላከችልኝ። በሰከንድ 320 ኪሎቢት የሆነ ኤምፒ3 በደቂቃ 2.4 ሜጋባይት ስለሚይዝ አንዱ አልበም መቶ ሜጋባይት ገደማ ነው፤ ለሌሊት ጥቅል ከባድ አይደለም። በዥረት (ሳያወርዱ ከኢንተርኔት በቀጥታ) የሚሰሙ ከሆነ መብራትና ኔትወርክ በተቋረጠ ቁጥር አብረው እንደሚቋረጡ ይወቁ፤ ፋይል ስልክ ላይ ይቀመጣል። ሸክላውን የሚያስመጣ ሰው ማጫወቻም ማስመጣት ስላለበት እሱን አልመክርም፤ ለጌጥ ካልሆነ።

የ2001ዱ «ኳየት ኢዝ ዘ ኒው ላውድ» የት ሄደ የሚሉኝ ይኖራሉ። ጥሩ ነው፣ ስም ያወጣላቸውም እሱ ነው፤ ነገር ግን ሁለቱን ከሰሙ በኋላ ቢደርሱበት ይሻላል።

ፋይሉን ከየትም ያግኙት፣ ከመክፈልዎ በፊት ኢርፎን ሰክተው የ2009ኙን የመጀመሪያ ዘፈን አንድ ደቂቃ ይስሙ። ጣት ከአንዱ ኮርድ ወደ ሌላው ሲንሸራተት አውታሩ ላይ ሲጥ የምትል ድምፅ አለች። እሷ ካልተሰማችዎ ብርዎን ኪስዎ ይመልሱ።