ኢሎንጌሽንን የሚያሳዩ ሁለት የግድግዳ ቻርቶች፦ ከደብረ ብርሃን የባዮሎጂ ክፍል የተጻፈ ግምገማ

ደብረ ብርሃን የሚገኝ አንድ ማተሚያ ቤት ለሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች አትሞ የሚሸጣቸውን ሁለት ትልልቅ የግድግዳ ቻርቶች በዚህ ሴሚስተር በ12ኛ ክፍል የባዮሎጂ ክፍለ ጊዜ ስጠቀምባቸው ቆይቻለሁ። አንደኛው ትራንስክሪፕሽንን (ከዲ.ኤን.ኤ ላይ አር.ኤን.ኤ መቅዳትን)፣ ሁለተኛው ትራንስሌሽንን (በአር.ኤን.ኤው መልእክት መሠረት ፕሮቲን መሥራትን) የሚያሳይ ሲሆን፣ ሁለቱም ትኩረታቸውን ያደረጉት ሰንሰለቱ በሚረዝምበት፣ መምህራን ኢሎንጌሽን በምንለው መካከለኛ ደረጃ ላይ ነው። ገበያ ላይ ያሉት አጋዥ መጻሕፍት ስለ አጀማመሩ በሰፊው ካተቱ በኋላ ይህን ደረጃ በሁለት መስመር ስለሚያልፉት፣ አዘጋጆቹ ይህን መምረጣቸው በራሱ የሚያስመሰግናቸው ነው።

የትራንስክሪፕሽኑ ቻርት ካየኋቸው የማስተማሪያ ሥዕሎች ሁሉ የተሻለ ነው ብል አላጋነንኩም። አር.ኤን.ኤን የሚሠራው ኤንዛይም፣ አር.ኤን.ኤ ፖሊሜሬዝ፣ በሥዕል ብቻ አልቀረበም፤ ብርሃን በሚያሳልፍ ፕላስቲክ ላይ ታትሞ በዲ.ኤን.ኤው ላይ እንዲንሸራተት ተደርጓል። ፕላስቲኩ ላይ የተሳለው የተከፈተ ክፍል ከ12 እስከ 14 የሚደርሱ ጥንድ ቤዞችን ብቻ ይሸፍናል፤ ከዚህም ውስጥ አዲሱ አር.ኤን.ኤ ቴምፕሌት ከሚባለው፣ ከሚቀዳበት የዲ.ኤን.ኤ ሰንሰለት ጋር ተጣምሮ የሚታየው 9 ያህል ቤዝ ላይ ነው። ከባሶና ወራና ገጠር ቀበሌ የምትመጣ አንዲት ተማሪዬ፣ አር.ኤን.ኤው ከዲ.ኤን.ኤው ጋር እንደተጣበቀ ለምን እንደማይቀር ስትጠይቀኝ መልሱን በቃል አልነገርኳትም፤ ወደ ፊት ወጥታ ፕላስቲኩን ራሷ እንድትገፋው አደረግኋት። አንድ ቤዝ በገፋች ቁጥር ከፊት አንድ ጥንድ ሲከፈት፣ ከኋላ አንድ ጥንድ ሲዘጋና የአር.ኤን.ኤው ጅራት ሲላቀቅ ስታይ፣ መልሱን ለክፍሉ ያስረዳችው እሷ ነበረች።

ከዚህም በላይ የወደድኩት ከታች በቀኝ በኩል ያለው ትንሽ ሥዕል ነው። ፖሊሜሬዝ የተሳሳተ ቤዝ ካስገባ ወደ ኋላ ሊመለስ፣ የአር.ኤን.ኤውን ጫፍ ቆርጦ ሊያስወግድና ከዚያው እንደገና ሊቀጥል እንደሚችል ያሳያል። ይህ በትምህርት ቤት ደረጃ ከስንት አንዴ የሚነሳ ጉዳይ ነው፤ ኤንዛይሙ ያለማቋረጥ ወደ ፊት ብቻ የሚነዳ ማሽን አለመሆኑን ተማሪው የሚረዳውም ከዚህ ነው።

የትራንስሌሽኑ ቻርት በአሣሣሉ ውብ ነው። ፕሮቲን በሚሠራው ራይቦዞም ላይ አሚኖ አሲድ የሚያመጡት ቲ.አር.ኤን.ኤዎች የሚያርፉባቸው፣ ኤ፣ ፒ እና ኢ የሚባሉት ሦስት ቦታዎች በግልጽ ተለይተዋል። አሚኖ አሲዶችን የሚያያይዘው የፔፕታይድ ትስስር የሚፈጸምበት ማዕከል በአር.ኤን.ኤ ቀለም መቀባቱ ደግሞ ትክክለኛና የታሰበበት ነው፤ ይህን ሥራ የሚሠራው ፕሮቲን ሳይሆን የራይቦዞሙ አር.ኤን.ኤ ነውና። የራይቦዞምን አወቃቀርና አሠራር በማጥናታቸው ራማክሪሽናን፣ ስታይትዝ እና ዮናት እ.ኤ.አ. በ2009 የኬሚስትሪ ኖቤል ሽልማትን እንደተጋሩ በኅዳጉ ተጽፏል። ከፀረ-ባክቴሪያ መድኃኒቶች ቴትራሳይክሊን የኤ ቦታን፣ ክሎራምፌኒኮል የትስስሩን ማዕከል፣ ኤሪትሮማይሲን ደግሞ ሰንሰለቱ የሚወጣበትን ዋሻ እንደሚዘጉ በቀይ ነጥብ ተመልክቷል። ቴትራሳይክሊንን በዓይን ቅባትነቱ የማያውቅ ተማሪ በአካባቢያችን ስለማይገኝ፣ ክፍሉ በሙሉ ከመቀመጫው ተነሥቶ ያየው ይህን ነጥብ ነው።

ይሁን እንጂ ይኸው ቻርት በዋናው ቦታ ላይ ስሕተት አለበት። ቀስቱ በኤ ቦታ ያለው አዲሱ አሚኖ አሲድ ተነሥቶ በፒ ቦታ ባለው ሰንሰለት ጫፍ ላይ እንደሚቀጠል ያሳያል። እውነታው የዚህ ግልባጭ ነው፤ በፒ ያለው ሰንሰለት እንዳለ ከተሸካሚው ቲ.አር.ኤን.ኤ ተላቆ በኤ ወዳለው አሚኖ አሲድ ይተላለፋል፤ ከዚያ በኋላ ኢ.ኤፍ.ጂ የሚባለው ረዳት ፕሮቲን ቲ.አር.ኤን.ኤዎቹንና መልእክቱን የያዘውን ኤም.አር.ኤን.ኤ አንድ ኮዶን (ሦስት ቤዝ) ያህል ያሸጋግራል። ዶቃ በክር ጫፍ ላይ እንደ መጨመር አድርጎ የሚያስብ ተማሪ፣ ባዶ የቀረው ቲ.አር.ኤን.ኤ በፒ ተገኝቶ በኢ በኩል የሚወጣበትን ምክንያት ሊያስረዳ አይችልም። ፒዩሮማይሲን እንዴት እንደሚሠራም አይገባውም፤ ይህ መድኃኒት የቲ.አር.ኤን.ኤን ጫፍ መስሎ ወደ ኤ ቦታ ይገባል፣ ሰንሰለቱን ይቀበላል፣ ሰንሰለቱም ሳያልቅ ተለቅቆ ይወጣል። ቀስቱ እንደተሳለው ቢሆን ኖሮ ይህ አይሆንም ነበር።

ሁለተኛው ጉድለት የጉልበት ሒሳቡ ነው። ጉልበት ሰጪው ሞለኪውል ጂ.ቲ.ፒ የተሳለው በሽግግሩ ላይ ብቻ ሲሆን፣ ኢ.ኤፍ.ቲዩ የሚባለው ሌላው ረዳት ፕሮቲን አዲሱን ቲ.አር.ኤን.ኤ ሲያመጣ የሚያወጣው ጂ.ቲ.ፒ ተዘልሏል። ስለዚህ ተማሪዎቼ ለአንድ አሚኖ አሲድ አንድ ጂ.ቲ.ፒ ብለው ጻፉ፤ በዚህ ደረጃ የሚወጣው ግን ሁለት ነው።

የኅትመቱ ጥራት መልካም ነው፤ በላሚኔት መሸፈኑም ከጠመኔ ብናኝ ጠብቆታል። ጠዋት ፀሐይ በመስኮት ስትገባ ግን ስለሚያንጸባርቅ ከመስኮቱ ትይዩ ባይሰቀል ይሻላል። ሸዋ ሮቢት የሚያስተምር ባልደረባዬ በቆላው ሙቀት የፕላስቲኩ ማጣበቂያ እንደለቀቀበት ነግሮኛል፤ እዚህ በብርዱ አልገጠመኝም።

ስለ ቀስቱ ለማተሚያ ቤቱ ባለቤት ስነግራቸው አልተከፉም። «መምህር፣ ትክክለኛውን ሥዕል ሠርተው ይስጡን፤ በሚቀጥለው ኅትመት እናርመዋለን» አሉኝ፤ እኔም ሠርቼ ሰጥቻቸዋለሁ። ቻርቶቹ በተናጠል ስለሚሸጡ የትራንስክሪፕሽኑን አሁኑኑ እንድትገዙ፣ ለሌላው ግን የታረመው እትም እስኪወጣ እንድትጠብቁ እመክራለሁ። አስቀድማችሁ የገዛችሁ መምህራን በተሳሳተው ቀስት ላይ ነጭ ፕላስተር ለጥፋችሁ ከፒ ወደ ኤ የሚያመለክት ቀስት በማይለቅ ማርከር ሣሉበት፤ ኢ.ኤፍ.ቲዩ አጠገብም የጎደለውን ጂ.ቲ.ፒ ጨምሩ።