ሜሬዲት ወይስ ክርስቲና?

ድሬዳዋ፣ ከዚራ። ከሰዓት ሙቀቱ መውጫ ሲያሳጣ እኔና እህቴ ቬንትሌተሩን ወደ ራሳችን አዙረን የአሜሪካኖቹን የሆስፒታል ድራማ «ግሬይስ አናቶሚ»ን እናያለን። ከዶክተሮቹ እሷ የሜሬዲት ደጋፊ ናት፣ እኔ የክርስቲና። ጭቅጭቃችን ግን ስለ ተዋናዮቹ ነው። ሰው በአንድ ገጸ ባሕሪ ከታወቀ በኋላ እዚያው ቢቆይ ይሻለዋል ወይስ ቢወጣ?

ኤለን ፖምፒዮ ቆየች። ድራማው በ2005 ከተጀመረ አንስቶ ሜሬዲት እሷ ናት (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)። በ2018 በዓመት ከ20 ሚሊዮን ዶላር በላይ የሚያስገኝላትን ውል መፈረሟ ተሰማ። እህቴ እዚህ ላይ ስትደርስ የሻይ ብርጭቆዋን ቁጭ ታደርግና «አቦ! ይሄን እንጀራ ማን ይረግጣል?» ትላለች። ሐቅ ነው። ኋላ ላይም የምትታይባቸውን ክፍሎች ቀነሰች እንጂ ጨርሳ አልወጣችም።

ሳንድራ ኦ ደግሞ በ10ኛው ሲዝን መጨረሻ፣ በ2014 ተሰናበተች። በክርስቲናነቷ በ2006 የጎልደን ግሎብ ሽልማት ወስዳ ነበር፤ ያውም በረዳት ተዋናይነት። ከወጣች በኋላ ያን የሚያህል ሚና ቶሎ አልመጣም። በ2018 «ኪሊንግ ኢቭ» በተባለው ተከታታይ ድራማ ላይ የእንግሊዝ የስለላ ሠራተኛ ሆና ብቅ አለች። በ2019 እንደገና ጎልደን ግሎብ፣ አሁን በመሪ ተዋናይነት። የዚያን ምሽት የሽልማቱን መድረክም ከኮሜዲያኑ አንዲ ሳምበርግ ጋር የመራችው እሷ ነበረች።

እኔ ለሳንድራ አደላለሁ። ብሩ ቢያጓጓም አንድ ነጭ ጋውን ለብሶ ማርጀት ይከብደኛል።

ባለፈው «ኪሊንግ ኢቭ»ን ከፍቼ ጎረቤታችን ገባች። ቲቪውን አየት አድርጋ፣ «እንዴ፣ ይቺ ያቺ ዶክተሯ አይደለችም?» አለች። እህቴ እስክታስላት ሳቀች።