ለሺፕ አማካሪዎች ምስጋና፤ ስለ ሜዲኬርና ጂም ለምትጠይቁን ደግሞ ጥቆማ

ምስጋናችን አሜሪካ ውስጥ በየስቴቱ ለሚሠሩ የሺፕ አማካሪዎች ነው። ሺፕ የሜዲኬርን (በዋናነት 65 ዓመት ለሞላቸው የሚሰጠውን የመንግሥት የጤና ኢንሹራንስ) ተጠቃሚዎች በነፃ የሚያማክር፣ የፌዴራል መንግሥቱ በጀት የሚመድብለት አገልግሎት ነው። ስሙ እንደየስቴቱ ይለያያል፤ ቨርጂኒያ ቪካፕ፣ ካሊፎርኒያ ሃይካፕ፣ ዋሽንግተን ስቴት ደግሞ ሺባ ይሉታል። ከአማካሪዎቹ ብዙዎቹ ሠልጥነው ያለ ደመወዝ የሚያገለግሉ በጎ ፈቃደኞች ናቸው። ኢንሹራንስ አይሸጡም። ሰው ፕላን ቀየረ አልቀየረ ኪሳቸው የሚገባ ኮሚሽን የለም። አዛውንቶቻችን ስለ ጂም ሲጠይቁን መጀመሪያ «ሺፕ ደውሉ» የምንለው በዚህ ምክንያት ነው።

ጥያቄው ሁሌም አንድ ነው፦ ሜዲኬር ጂም ይከፍላል ወይ? ኦሪጅናል ሜዲኬር፣ ማለትም ፓርት ኤ እና ፓርት ቢ፣ አይከፍልም። የመድኃኒቱ ፓርት ዲም አይከፍልም። የሚከፍሉት ሜዲኬር አድቫንቴጅ ወይም ፓርት ሲ የሚባሉት የግል ኩባንያ ፕላኖች ናቸው፤ እነሱም ቢሆኑ ሁሉም አይደሉም። አንዳንድ የሜዲጋፕ ፕላኖችም (ኦሪጅናል ሜዲኬር ሳይከፍለው የሚቀረውን የሚሸፍኑ ተጨማሪ ኢንሹራንሶች) ይጨምሩታል። ሜዲኬርና ሜዲኬድ (ገቢያቸው አነስተኛ ለሆነ የሚሰጠው የመንግሥት የጤና ሽፋን) አንድ ላይ ላላቸው ሰዎች በተለይ የተዘጋጁ ፕላኖች ውስጥም በብዛት ይገኛል። «ዜሮ ፕሪሚየም»፣ ማለትም ለፕላኑ ወርሃዊ ክፍያ የለውም የሚባል ፕላን ቢይዙም የፓርት ቢ ወርሃዊ ክፍያ እንዳለ ይቀጥላል፤ በ2026 መደበኛው 202.90 ዶላር ሲሆን አብዛኛውን ጊዜ ከሶሻል ሴኩሪቲው ላይ ተቆርጦ ይሄዳል። ገቢያቸው አነስተኛ የሆነ ሰዎች ይህን ክፍያ ስቴቱ እንዲከፍልላቸው ማመልከት ይችላሉ። ስለ ጂም ብሎ የደወለ ሰው ይህን ሳያውቅ እንዳይቀር የሚጠይቁት እነዚሁ አማካሪዎች ናቸው። በእኛ ግምት ከጂሙ ይልቅ ይሄኛው ይበልጣል።

ፕላኖቹ ጂሙን ራሳቸው አያስተዳድሩም፤ በመካከል ሌላ ፕሮግራም አለ። ሰው የሚያውቀው ሲልቨር ስኒከርስን ነው፤ በ1992 የተጀመረ ነው። ከሱ ሌላ ሲልቨር ኤንድ ፊት፣ ሪኒው አክቲቭ እና ዋን ፓስ አሉ። ልዩነታቸው ቀላል አይደለም። በሲልቨር ስኒከርስ አንድ ሰው በፕሮግራሙ ውስጥ ካሉት ጂሞች ከአንድ በላይ መጠቀም ይችላል፤ ጠዋት አንዱ ጋ ለውሃ ስፖርት፣ በሌላ ቀን ሌላው ጋ ወንበር ይዞ ወደሚሠራ የስፖርት ክፍል መሄድ ይቻላል። ሲልቨር ኤንድ ፊት ባላቸው ብዙ ፕላኖች ደግሞ ቤት ውስጥ ስፖርት የሚሠራበት ዕቃ ይላካል፤ መኪና ለማይነዱ እናቶች ይህ ከጂሙ ይሻላል። አንድ ኩባንያ ዘንድሮ ከአንዱ ፕሮግራም ጋር ሠርቶ ለከርሞ ወደ ሌላው ሊዞርም ይችላል። ዩናይትድ ሄልዝኬር በ2019 በበርካታ ስቴቶች ሲልቨር ስኒከርስን ትቶ ወደ ሪኒው አክቲቭ ሲዞር፣ ጂማቸው በአዲሱ ዝርዝር ውስጥ ያልገባላቸው ሰዎች ሌላ ጂም መፈለግ ነበረባቸው። ስለዚህ «ጎረቤቴ በዚሁ ኢንሹራንስ ይሄዳሉ» የሚለው ማስረጃ አይሆንም።

አማካሪዎቹ እንዴት እንደሚያጣሩ ማየት ራሱ ያስተምራል። የኩባንያውን ስም ሲነግሯቸው አይበቃቸውም። «ካርዱን ያውጡና በኤች የሚጀምረውን ቁጥር ያንብቡልኝ» ይላሉ። በኢንሹራንሱ ካርድ ላይ፣ ብዙ ጊዜ በትናንሽ ፊደል፣ ኤች የሚል ፊደል፣ ቀጥሎ አራት አኃዝ፣ ከዚያ ሰረዝ እና ሦስት አኃዝ ይኖራል። አንድ ኩባንያ በአንድ ካውንቲ ውስጥ ስማቸው የሚመሳሰል ብዙ ፕላን ስለሚሸጥ የእርስዎን ለይቶ የሚያሳየው ይህ ቁጥር ነው። ከዚያ «ኤቪደንስ ኦፍ ከቨሬጅ» የሚባለውን ወፍራም ሰነድ ይከፍታሉ። ማንም ከዳር እስከ ዳር አያነበውም፤ እነሱም ቀጥ ብለው ምዕራፍ 4 ይሄዳሉ፣ የጥቅማ ጥቅሞች ሰንጠረዥ ያለው እዚያ ነው። ጂሙ «ፊትነስ» ተብሎ ለብቻው ይጻፋል፣ ወይም የጤናና ደህንነት ትምህርት ፕሮግራሞች በሚለው ርዕስ ሥር ይገባል። የፕሮግራሙ ስም፣ ኮፔይ (ከራስ ኪስ የሚከፈል ድርሻ) ካለው መጠኑ፣ የማይሸፈነው ነገር ሁሉ ተዘርዝሯል። ልጆቻቸው የሆናችሁም ይህን ልታደርጉላቸው ትችላላችሁ፤ ሰነዱ በኩባንያው ድረ ገጽ ላይ ይገኛል።

አሁን ወደ ዋናው ማስጠንቀቂያ። ለጂም ተብሎ ፕላን አይቀየርም። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚባለው እዚህ ላይ ነው። አድቫንቴጅ ፕላን የራሱ የሐኪሞች ኔትወርክ አለው፤ ለዓመታት ያወቁዎት የልብ ሐኪም በውስጡ ላይኖሩ ይችላሉ። ለኤም አር አይ ወይም ለፊዚካል ቴራፒ ቀድሞ ፈቃድ ሊጠየቅ ይችላል። የመድኃኒት ዝርዝሩም ሌላ ነው። ሁሉንም ዶክተሮች፣ መድኃኒቶችና ፋርማሲውን አንድ በአንድ ሳያረጋግጡ «ጂም አለው» ብቻ ተብሎ የሚፈረም ፊርማ ውድ ነው።

ሜዲጋፕ ያላቸው ደግሞ ይበልጥ ይጠንቀቁ። ሜዲጋፕን ጥሎ ወደ አድቫንቴጅ የገባ ሰው ሐሳቡን ቢቀይር በአብዛኛው ስቴት ኩባንያው የጤና ሁኔታውን አይቶ ሊከለክለው ወይም ዋጋ ሊጨምርበት ይችላል። ለመጀመሪያ ጊዜ አድቫንቴጅ ለሞከረ ሰው በ12 ወር ውስጥ የመመለስ መብት የሚሰጥበት ሁኔታ አለ፤ ያ ካለፈ ግን ስኳር ወይም ልብ ያለበት ሰው በሩን ተዘግቶ ሊያገኘው ይችላል። ሽያጭ ላይ ያለ ሰው ይህን ቀድሞ ላያነሳው ይችላል። የሺፕ ሰዎች ያነሳሉ።

መቀየር ተገቢ ሆኖ ከተገኘ ጊዜው ከኦክቶበር 15 እስከ ዲሴምበር 7 ነው፤ አዲሱ ፕላን ጃንዋሪ 1 ይጀምራል። አድቫንቴጅ ውስጥ ያሉ ሰዎች ከጃንዋሪ 1 እስከ ማርች 31 አንድ ጊዜ መቀየር ይችላሉ። በሴፕቴምበር መጨረሻ «የዓመቱ ለውጥ ማስታወቂያ» የሚል ደብዳቤ ከኩባንያው ይመጣል። እባካችሁ ከማስታወቂያ ወረቀቶች ጋር አትጣሉት። የጂሙ ፕሮግራም የሚቀር ወይም የሚቀየር ከሆነ እዚያ ላይ ተጽፎ ይመጣል።

ሽፋኑ መኖሩ ከተረጋገጠ የሚቀረው ቁጥር ማውጣት ነው። ሲልቨር ስኒከርስ ከሆነ በድረ ገጹ ወይም በስልክ ስም፣ የትውልድ ቀንና ዚፕ ኮድ ተሰጥቶ ባለ 16 አኃዝ የአባልነት ቁጥር ይገኛል። ሌሎቹም የራሳቸው ኮድ አላቸው፤ ብዙ ጊዜ ከፕላኑ ድረ ገጽ በአባሉ አካውንት ውስጥ ነው የሚገኘው። የእኛ ሰዎች ጉዳይ የሚሰናከለው እዚህ ላይ ነው። ሲስተሙ የሚያመሳክረው ኢንሹራንሱ ከያዘው መረጃ ጋር ስለሆነ፣ ወልደ ሚካኤል አንድ ቦታ ተያይዞ ሌላ ቦታ ተነጣጥሎ ከተጻፈ፣ የአያት ስም በአባት ስም ቦታ ከገባ፣ ወይም ፓስፖርቱ ላይ ጃንዋሪ 1 የተባለው ልደት በሌላ ወረቀት ላይ በትክክለኛው ቀን ከተሞላ «ኢሊጂብል አይደሉም» (አይፈቀድልዎትም) የሚል መልስ ይመጣል። ሽፋን የለም ማለት ላይሆን ይችላል። የኢንሹራንሱን ካርድ ይዛችሁ ልክ እዚያ ላይ እንደተጻፈው፣ ፊደል በፊደል ሞክሩ። ካርዱ ራሱ ስህተት ካለበት ከሶሻል ሴኩሪቲ መዝገብ ጀምሮ ነው የሚታረመው።

ጂም ሲሄዱ ያን ቁጥርና መታወቂያ ይያዙ። ቀይ፣ ነጭና ሰማያዊ የሆነውን የሜዲኬር ካርድ ቤት ይተዉት፤ ጂሙ አይፈልገውም። ፊት ለፊት ዴስክ ላይ ያሉት ልጆች ቁጥሩን አስገብተው ሽፋኑ የሚሠራ መሆኑን ያያሉ፣ የኃላፊነት ውል ያስፈርማሉ፣ የጂሙን መክፈቻ ካርድ ይሰጣሉ። እነዚህ ልጆችም ምስጋና ይገባቸዋል፤ በተለይ እንግሊዝኛ የሚያንሳቸውን አባቶች ሳይሰለቹ በምልክት ጭምር ለሚያስረዱት። በሄዱ ቁጥር መግቢያው ላይ ካርዱን ስካን ማድረግ አይርሱ፣ ጂሙ ከፕሮግራሙ ሒሳቡን የሚያገኘው በመዝገቡ ነው። ክሬዲት ካርድ ከተጠየቁ ግን ቆም ብለው ለምን እንደሆነ ይጠይቁ። በፕሮግራሙ የሚሸፈነው መሠረታዊው አባልነት ነው፤ የግል አሠልጣኝ፣ አንዳንድ ልዩ ክፍሎች፣ የማሳጅ ወንበር የመሳሰሉት ተጨማሪ ናቸው። የአንድ ጂም ስም ያላቸው ቅርንጫፎች ሁሉ በፕሮግራሙ ውስጥ ናቸው ማለትም አይደለም፤ አድራሻውን ለይቶ ማየት ያስፈልጋል።

ከዚህ በፊት በራሳቸው ገንዘብ አባል የነበሩ ሰዎች አንድ ነገር ይጨምሩ። በሜዲኬር ፕላን መመዝገብ የድሮውን አባልነት አያቋርጠውም፤ ባንክ ሒሳቡ ላይ የሚቆረጠው ይቀጥላል፣ ዓመታዊ ክፍያውም ወሩ ሲደርስ ይወጣል። የድሮው በጽሑፍ ይሰረዝ፤ የተሰረዘበት ወረቀት ወይም ኢሜይል ይቀመጥ። ልጆች በቤተሰብ ፓኬጅ ያስገቧቸው ወላጆች ላይ ይህ ብዙ ጊዜ ይረሳል።

ከ65 ዓመት በላይ ለሆኑ ሰዎች የአሜሪካ የጤና መመሪያ በሳምንት 150 ደቂቃ መካከለኛ እንቅስቃሴ፣ ሁለት ቀን ጡንቻ የሚያጠነክር ሥራ፣ በተጨማሪም ሚዛን የሚያስጠብቅ ልምምድ ይመክራል። ሰዎቻችን ትሬድሚሉን ብቻ ያውቁና ሌላው ይቀርባቸዋል። ለጀማሪ የምንመክረው «ክላሲክ» የሚባለውን የሲልቨር ስኒከርስ ክፍል ነው፦ ቀላል የእጅ ክብደት፣ እጀታ ያለው ላስቲክ፣ ትንሽ ኳስ፣ አጠገብ ደግሞ የሚያዝ ወይም የሚቀመጡበት ወንበር። ቋንቋ አያስቸግርም፣ አሠልጣኟን እያዩ መከተል ነው። ትሬድሚል ላይ የሚወጡ እናቶች ነጠላውን መቆለፊያ ሳጥን ውስጥ ያስቀምጡ፣ ቀሚሱም ከቁርጭምጭሚት ከፍ ይበል፤ ቀበቶው ከያዘው አይለቅም። ቀዩን የማቆሚያ ገመድ ልብስ ላይ ማያያዝ ደግሞ ለጌጥ አይደለም። በጾም ወቅት ኢንሱሊን ወይም ስኳር የሚያወርድ ኪኒን የሚወስዱ ሰዎች ባዶ ሆዳቸውን ስፖርት ከመሥራታቸው በፊት ከሐኪማቸው ጋር ሰዓቱንና መጠኑን ይነጋገሩ፤ ስኳር ድንገት ወርዶ መውደቅ ያመጣል።

ኦሪጅናል ሜዲኬራቸው ከእነ ሜዲጋፑ የሚመቻቸው ሰዎች ጂም ቀረብን ብለው አይዘኑ። ዋሽንግተን ዲሲ 60 ዓመት ለሞላቸው ነዋሪዎቿ በነፃ የስፖርት ክፍል የሚሰጡ የአዛውንት ጤና ማዕከላት አሏት። ብዙ የዋይ ኤም ሲ ኤ ቅርንጫፎች እንደ ገቢ ዋጋ ይቀንሳሉ፤ ማመልከቻውን ጠይቁ። በየካውንቲው ያለው የአዛውንት ማዕከልም አብዛኛውን ጊዜ ርካሽ ነው።

«ነፃ ጂም ሰጥተናችኋል፣ የሜዲኬር ቁጥርዎን ይንገሩን» ብሎ በስልክ የሚደውል ሰው ካለ ስልኩን ይዝጉ። ያልጠሩት የኢንሹራንስ ኤጀንት ደውሎ ወይም በር አንኳኩቶ አድቫንቴጅ እንዲሸጥ ሕጉ አይፈቅድም። ቁጥሩን አስቀድመው ሰጥተው ከሆነ የሜዲኬር ማጭበርበርን ጥቆማ የሚቀበለው የሲኒየር ሜዲኬር ፓትሮል ስልክ 1-877-808-2468 ነው።

የሺፕ ብሔራዊ ስልክ 1-877-839-2675 ነው፤ የምትኖሩበትን ስቴት ስትነግሯቸው ወደዚያው ያገናኛሉ። የሜዲኬር ራሱ 1-800-633-4227 ነው፤ ሌሊትም ይሠራል፣ ስልኩ እንደተነሳ «አምሃሪክ ፕሊስ» ካላችሁ አስተርጓሚ በነፃ ያመጣሉ። ልጅ ሥራ እስኪወጣ መጠበቅ የለም። ከመደወላችሁ በፊት ጠረጴዛው ላይ የሜዲኬር ካርዱን፣ የኢንሹራንሱን ካርድ፣ የመድኃኒት ጠርሙሶቹን ሁሉ፣ የሐኪሞቹን ስም ዝርዝርና የምትፈልጉትን ጂም ሙሉ አድራሻ አዘጋጁ። ከኦክቶበር አጋማሽ በኋላ መስመሩ ስለሚጨናነቅ ቀጠሮውን በሴፕቴምበር መያዝ ይሻላል።