ቺንኩዌ ቴሬን በባቡር ለማየት፦ ከፍሎረንስ የሚነሣ የጥቅል ጉዞ፣ ከላ ስፔዚያ የሚነሣ የግማሽ ቀን ጉብኝት ወይስ በራስ የሚገዛ ካርድ?

ጣሊያን ውስጥ የሚኖር ወይም ከአዲስ አበባ በቀጥታ በረራ ሮማ ወይም ሚላኖ የሚገባ ኢትዮጵያዊ አንድ ትርፍ ቀን ሲያገኝ ከሚጠቆሙለት ቦታዎች አንዱ የቺንኩዌ ቴሬ ጠረፍ ነው። በሊጉሪያ ክፍለ ግዛት፣ ባሕርና ገደል በሚገናኙበት ሥፍራ ላይ የተሠሩት አምስቱ መንደሮች፣ ማለትም ሪዮማጆሬ፣ ማናሮላ፣ ኮርኒሊያ፣ ቬርናጻና ሞንቴሮሶ፣ ከ1874 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በባቡር የተገናኙ ሲሆን በ1997 እ.ኤ.አ. ዩኔስኮ በዓለም ቅርስነት መዝግቧቸዋል፤ ከሁለት ዓመት በኋላም አካባቢው ብሔራዊ ፓርክ ሆኗል። ቦታውን ለማየት ለገበያ የሚቀርቡት አማራጮች በመሠረቱ ሦስት ናቸው። አንደኛው ከፍሎረንስ ተነሥቶ በዚያው ቀን የሚመለስ የጥቅል ጉዞ፣ ሁለተኛው ከመንደሮቹ አጠገብ ካለችው የወደብ ከተማ ከላ ስፔዚያ ተነሥቶ ከአካባቢው አስጎብኚ ጋር የሚደረግ የግማሽ ቀን ጉብኝት፣ ሦስተኛው ደግሞ የፓርኩን የባቡር ካርድ ገዝቶ በራስ መጓዝ ነው። የሦስቱ ዋጋ ይለያያል፤ የበለጠ የሚለያየው ግን ተጓዡ በመጨረሻ የሚያየው ነገር ነው።

ገንዘብ ከመክፈል በፊት ሊታወቅ የሚገባው አንድ ጉዳይ አለ። በማስታወቂያዎች ላይ ባቡሩ ከባሕሩ ጎን ለጎን ሲከንፍ ይታያል፤ ሐዲዱ ግን አብዛኛውን መንገድ የሚያልፈው ተራራውን ሰርስሮ በዋሻ ውስጥ ነው። ከላ ስፔዚያ ተነሥቶ ከመንደሮቹ ወዲያ በሌላው ጫፍ ወዳለችው ሌቫንቶ የሚሄድ ሰው በግራ በኩል ቢቀመጥ ሰማያዊው ውኃ ብልጭ ይልለትና ወዲያው ይጨልምበታል። ከአንዱ መንደር እስከ ሌላው ያለው ጉዞ ከሁለት እስከ አምስት ደቂቃ ብቻ የሚፈጅ ሲሆን መስመሩ በሙሉ ከግማሽ ሰዓት ብዙም አያልፍም። በቬርናጻና በሪዮማጆሬ ጣቢያው አጭር በመሆኑ የባቡሩ የኋላ ፉርጎዎች ዋሻው ውስጥ እንዳሉ ይቆማሉ። በመስኮቱ ጥቁር ግድግዳ ብቻ ስለሚታይ ገና አልደረስንም ብሎ ተቀምጦ ማለፍ ቀላል ነው፤ መደረግ ያለበት የበሩን ቁልፍ ተጭኖ መውረድና በጠባቡ መተላለፊያ ወደ ብርሃኑ መራመድ ነው። እንግዲህ በዚህ ጠረፍ ባቡሩ የሚያገለግለው ለመጓጓዣ ነው፤ ባሕሩና መንደሮቹ የሚታዩት ከወረዱ በኋላ በእግር ወይም በጀልባ ነው። ሦስቱን አማራጮች መመዘን የሚገባውም ከባቡሩ ውጭ በሚሰጡት ጊዜ ነው።

ከፍሎረንስ የሚነሣው የጥቅል ጉዞ

ይህ ጉዞ በስፋት የሚሸጥ ነው። ጠዋት በአውቶቡስ ተነሥቶ ከሁለት ሰዓት በላይ ከተጓዙ በኋላ ከመንደሮቹ በአንዱ ወይም በላ ስፔዚያ ይወርዱና በባቡር ሦስት ወይም አራት መንደሮችን አዳርሰው ምሽት ላይ ይመለሳሉ። ቀኑ በጠቅላላው አሥራ ሁለት ሰዓት ያህል ይፈጃል፤ ከዚህ ውስጥ አራቱን ወይም አምስቱን ሰዓት አውቶቡሱ ይወስደዋል። ከቀረው ላይ ምሳ፣ ባቡር መጠበቂያና ቡድኑን መሰብሰቢያ ሲቀነስ ለእያንዳንዱ መንደር አንድ ሰዓት ገደማ ይደርሳል፤ በአንድ ሰዓት ውስጥ ደግሞ ወደ ወደቡ ወርዶ ፎቶግራፍ አንሥቶ ከመመለስ ያለፈ ነገር ለመሥራት ያስቸግራል። አንዳንዶቹ ጥቅሎች በመንገድ ላይ ፒሳን ይጨምራሉ። ይህ በወረቀት ላይ ትርፍ ይመስላል፤ ጊዜው የሚወሰደው ግን ከመንደሮቹ ላይ ስለሆነ ባሕሩን ብሎ የተነሣ ሰው ፒሳ ያለበትን ጥቅል ባይገዛ ይሻለዋል።

የጣሊያን ሕግ ቡድን አጅቦ የሚሄድን ሰው ከፈቃድ ካለው አስጎብኚ ይለያል። የመጀመሪያው ሰዓት የማስጠበቅ፣ ትኬት የማደልና ሰው እንዳይጠፋ የመቁጠር ኃላፊነት ሲኖረው ስለ ቦታው ታሪክ የማስረዳት ሙያና ፈቃድ ያለው ሁለተኛው ነው። ከትልልቅ ከተሞች ከሚነሡ ርካሽ ጥቅሎች መካከል ብዙዎቹ የሚያቀርቡት አጃቢውን ብቻ በመሆኑ ገዢው «ከእኛ ጋር የሚመጣው ፈቃድ ያለው አስጎብኚ ነው ወይ?» ብሎ አስቀድሞ መጠየቅና መልሱን በጽሑፍ መያዝ አለበት። የባቡር ትኬቱና ምሳው በዋጋው ውስጥ መካተታቸውንም በዚያው ቢያረጋግጥ መልካም ነው።

ይህም ሆኖ የጥቅል ጉዞው የሚጠቅማቸው ሰዎች አሉ። ፍሎረንስ ውስጥ ያላቸው ጊዜ አንድ ቀን ብቻ የሆነ፣ ጣሊያንኛም እንግሊዝኛም የማይመቻቸውና ባቡር መቀያየር የሚያሰጋቸው እንግዶች አንድ ጊዜ ከፍለው ሳይጨነቁ መዋላቸው ዋጋ አለው።

ከላ ስፔዚያ የሚነሣው የግማሽ ቀን ጉብኝት

በዚህ አማራጭ ተጓዡ ላ ስፔዚያ ድረስ በራሱ ይመጣና ከትንሽ ቡድን ጋር፣ አካባቢውን ከሚያውቅ አስጎብኚ ጋር አራት ወይም አምስት ሰዓት ያሳልፋል። በዚህ ጽሑፍ ጸሐፊ እምነት ለአስጎብኚ የሚከፈል ገንዘብ በእውነት የሚያዋጣው እዚህ ነው፤ ምክንያቱም የዚህ ጠረፍ ታሪክ ያለው በወደቦቹ ሳይሆን ከመንደሮቹ በላይ ባለው ተዳፋት ላይ ነው። የአካባቢው ሰዎች ለብዙ መቶ ዓመታት ተራራውን በደረቅ የድንጋይ ካብ እየደረደሩ እርከን ሠርተው ወይንና ወይራ ተክለውበታል። እርከኑን ያየ ኢትዮጵያዊ ኮንሶን ማስታወሱ አይቀርም፤ በሁለቱም ቦታ ያለ ጭቃና ያለ ሲሚንቶ፣ ድንጋይ በድንጋይ ላይ ተመርጦ እየተቀመጠ አፈሩ እንዲቆም ተደርጓል፤ የኮንሶ መልክዓ ምድርም በ2011 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ ተመዝግቧል።

በዚያው በ2011 እ.ኤ.አ. ጥቅምት 25 ቀን ከባድ ዝናብ ወርዶ ቬርናጻና ሞንቴሮሶ በጎርፍና በጭቃ ተጥለቀለቁ፤ ሕይወትም ጠፋ። ወጣቱ ወደ ከተማ ሲሄድ የተተዉት ካቦች ሲፈርሱ አፈሩን የሚይዘው ነገር ይጠፋል። ጥሩ አስጎብኚ የቆመውን ካብና የፈረሰውን ጎን ለጎን አሳይቶ ይህንን በዓይን ያስረዳል፤ ወይን በሚለቀምበት በመስከረም ወር ደግሞ ሰው በጀርባው ይሸከመው የነበረውን ቅርጫት ገደሉን ሽቅብ የሚያወጣውን ባለ አንድ ሐዲድ ትንሽ ጋሪ ያሳያል። የደረቀ ወይን ተጨምቆ የሚጠመቀውን ሻኬትራ የተባለውን ጣፋጭ የወይን ጠጅ የሚያቀምሱም አሉ። ለዚህ ሁሉ በአውቶቡስ የመጣው ቡድን የሚበቃ ጊዜ የለውም።

ስለሆነም ከዚህ ዓይነቱ ጉብኝት ውስጥ ሲመርጡ መንገዱ የት እንደሚያልፍ ይጠይቁ። ከሁሉ የሚመረጠው ከማናሮላ በላይ ባለችው ቮላስትራ በተባለች መንደር በኩል ወደ ኮርኒሊያ የሚያልፈው ነው፤ መንገዱ በወይን እርከኖቹ መካከል ስለሚሄድ ባሕሩ ከእግር ሥር ተዘርግቶ ይታያል። ከማናሮላ እስከ ቮላስትራ ትንሽ አውቶቡስ ስላለ ዳገቱን በእግር መውጣት ግዴታ አይደለም። አስጎብኚው ከጣቢያ ጣቢያ ብቻ የሚያመላልስ ከሆነ ግን ለዚያ መክፈል አያስፈልግም፤ ያንን ካርዱ ብቻውን ይሠራዋል። የዚህ አማራጭ ጉድለት ጠዋት በሰዓቱ ላ ስፔዚያ መገኘት ማስፈለጉ ነው። ከሚላኖ ሦስት ሰዓት ገደማ፣ ከፍሎረንስም ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል በባቡር ስለሚፈጅ ዋዜማውን ላ ስፔዚያ ማደር ይመከራል።

ካርዱን ገዝቶ በራስ መሄድ

ካርዱ በላ ስፔዚያና በሌቫንቶ መካከል በሁለተኛ ማዕረግ ያለ ገደብ ያሳፍራል፤ የፓርኩን ባለ ክፍያ የእግር መንገዶችና የመንደሮቹን ትንንሽ አውቶቡሶችም ይጨምራል። በ2024 እ.ኤ.አ. የአንድ ቀን የአዋቂ ካርድ እንደ ቀኑ መጨናነቅ ከ19.50 እስከ 32.50 ዩሮ፣ የአንድ ጉዞ ትኬት ደግሞ ከ5 እስከ 10 ዩሮ ይሸጥ ነበር። በዚህ ስሌት በቀን አራት ጊዜ የሚሳፈር ሰው ካርዱ ያዋጣዋል፤ ሁለት ወይም ሦስት ጊዜ ብቻ የሚሳፈር ከሆነ ነጠላ ትኬት ይሻለዋል። ከፍሎረንስ እስከ ላ ስፔዚያ ያለው ተራ ባቡር ለአንድ ጉዞ 15 ዩሮ አካባቢ ሲሆን ደርሶ መልሱና በጣም የተጨናነቀው ቀን ካርድ ተደምረው ከ60 ዩሮ ብዙም አይርቁም። አንድ ጥቅል ጉዞ ሲቀርብልዎ ዋጋውን ከዚህ ድምር ጋር ያስተያዩት፤ ልዩነቱ የሚከፈለው ለአጃቢው፣ ለአውቶቡሱና ለሻጩ ነው።

በሪዮማጆሬና በማናሮላ መካከል ያለው የፍቅር መንገድ የሚባለው የገደል ዳር መተላለፊያ በ2012 እ.ኤ.አ. ድንጋይ ተንዶ ሰዎች ከቆሰሉ በኋላ ተዘግቶ ቆይቶ በ2024 እ.ኤ.አ. ተከፍቷል፤ ለመግባት ግን ተጨማሪ ክፍያና አስቀድሞ የተያዘ ሰዓት ያስፈልጋል። ጥቅል ጉዞ ሻጮች በሥዕል ቢያሳዩትም በዋጋው ውስጥ አለ ማለት አይደለም።

በራሱ የሚሄድ ሰው ትልቁ ጥቅሙ ሰዓቱን መምረጥ መቻሉ ነው። በላ ስፔዚያ ወደብ ትልልቅ የመዝናኛ መርከቦች በሚቆሙበት ቀን ከረፋዱ እስከ ከሰዓት ድረስ በመንደሮቹ ጠባብ መንገዶች መተላለፍ ይቸግራል፤ ባቡሮቹም ይታጨቃሉ። ጠዋት ከሦስት ሰዓት በፊት የደረሰ ወይም ከአሥር ሰዓት በኋላ የመጣ ሰው የተለየ ቦታ ያገኛል። ከወራትም ሚያዝያ፣ ግንቦትና መስከረም ከሐምሌና ከነሐሴ ይሻላሉ።

ባሕሩን ከባሕሩ ላይ ሆኖ ማየት ለሚፈልግ ደግሞ ከመጋቢት መጨረሻ እስከ ጥቅምት መጨረሻ ገደማ ከላ ስፔዚያና ከፖርቶቬኔሬ ጀልባ ይነሣል። ጀልባው ከፍታ ላይ ባለችው ኮርኒሊያ አይቆምም፤ ባሕሩ ሲናወጥም ይሰረዛል። በአንድ አቅጣጫ በጀልባ፣ በሌላው በባቡር መሄድ ግን ለገንዘቡ የሚመጥን ቅንብር ነው፤ ባቡሩ በዋሻ የሚደብቀውን ጀልባው ወደ ኋላ ፈቀቅ ብሎ ሙሉውን ያሳያል።

ወላጆችን ይዞ ለሚሄድ

ከአገር ቤት የመጡ እናትና አባትን ለማስጎብኘት የሚያስብ ሰው ምርጫውን በጉልበታቸው መጠን ያድርግ። ኮርኒሊያ ጣቢያው ከታች፣ መንደሩ ደግሞ ከላይ ስለሆነ በመካከሉ ከ370 በላይ ደረጃዎች አሉት፤ የፓርኩ አውቶቡስ ያወጣል፣ ሲጨናነቅ ግን ረጅም ወረፋ አለው። ሜዳማ የሆነው ሞንቴሮሶ ነው፤ ጣቢያው ከባሕሩ ፊት ለፊት ስለሆነ ከባቡር እንደወረዱ አግዳሚ ላይ ተቀምጠው ውኃውን ማየት ይችላሉ። ለእነርሱ ሁለት መንደር፣ ማለትም ሞንቴሮሶና ቬርናጻ ይበቃል፤ አምስቱንም በአንድ ቀን የሚያዳርስ ጥቅል መግዛት እነርሱን ማንገላታት ነው። በካርዱ ላይ ከ70 ዓመት በላይ ለሆኑና ለሕፃናት ቅናሽ አለ።

በጾም ወራት ለሚሄዱም ችግር የለም። የሊጉሪያ ሰዎች የሽምብራ ዱቄትን በውኃ፣ በወይራ ዘይትና በጨው በጥብጠው በሰፊ የመዳብ ትሪ፣ በእንጨት ምድጃ የሚጋግሩት ፋሪናታ የሚባል ቂጣ አላቸው፤ ዳርና ዳሩ ይከረክራል፣ መሀሉ ለስላሳ ነው። ፔስቶ የሚባለው አረንጓዴ ማባያ ግን አይብ ስላለበት አይጾምበትም። ምሳ የተካተተበት ጥቅል የገዛ ጾመኛ ይህንን አስቀድሞ ካላሳወቀ የሚቀርብለት ብዙውን ጊዜ በፔስቶ የተለወሰ ፓስታ ነው።

ከመሳፈር በፊት የወረቀት ትኬት የያዘ ሰው ጣቢያው ውስጥ ባለው ማሽን ያስመታ፤ ሳያስመታ ከተገኘ ይቀጣል። በፓርኩ የእግር መንገዶች በነጠላ ጫማ መሄድም የገንዘብ ቅጣት ያስከትላል። ጣሊያን ውስጥ የባቡር ሠራተኞች የሥራ ማቆም አድማ በየጊዜው ስለሚጠራ የጉዞውን ቀን ከመወሰን በፊት የአድማ ማስታወቂያ ማየት ያስፈልጋል። በሥራ ቀን አድማ ሲኖር የክልል ባቡሮች በሕግ እንዲሠሩ የሚጠበቅባቸው ሰዓቶች ከጠዋቱ 12 እስከ 3 እና ከምሽቱ 12 እስከ 3 ሰዓት ናቸው፤ ካርድ የያዘ ሰው መሄጃውንና መመለሻውን በእነዚህ ውስጥ ማድረግ ይችላል፣ የጥቅል ጉዞ የገዛ ሰው ግን ባቡሩ ሲቀር ገንዘቡ ይመለስለት እንደሆነ ወይም መንደሮቹን በምን እንደሚያዞሩት ከመክፈሉ በፊት ከሻጩ ጋር ይነጋገር።