ለጃኩዚያችን ጨው የመረጠልንን ልጅ እወቁልኝ

ጎንደር ውስጥ ጃኩዚ ያላችሁ፣ በተለይ እንደ እኔ የእንግዳ ማረፊያ የምትሠሩ፣ ይህን ልጅ እወቁልኝ።

የእኛ ጃኩዚ በጨው የሚሠራ ነው። ጨዉ ውሃው ውስጥ ይሟሟል፤ ማሽኑ በኤሌክትሪክ ከእሱ ክሎሪን እያወጣ ውሃውን ያጸዳል። እኔ ጨው ሁሉ አንድ መስሎኝ ከቅዳሜ ገበያ ሻካራውን አስመጣሁ። ሲያልቅ የወጥ ቤቱን ጨመርኩበት። ልክ ጥምቀት ሲቃረብ ውሃው ደፈረሰ፣ ማሽኑም ቆመ። ክፍሎቹ በሙሉ ተይዘዋል። መጀመሪያ የጠራሁት ሰው ሳይፈታው «ተቃጥሏል፣ አዲስ ግዢ» ብሎኝ ሄደ። ያን ሌሊት እንቅልፍ በዓይኔ አልዞረም።

ልጁ በማግስቱ ማልዶ ከአዘዞ መጣ። ሲፈታው ክሎሪን የሚያወጡት ሳህኖች ነጭ ቅርፊት ለብሰዋል። በተበረዘ ኮምጣጤ ዘፍዝፎ አጠባቸው። ሠራ!

ሒሳቡን ተቀብሎ መሄድ ይችል ነበር። እሱ ግን ሁለት ብርጭቆ ውሃ አስመጣ። በአንዱ የገበያውን ጨው፣ በሌላው ይዞት የመጣውን በጠበጠ። ቡናው በረካ ሳይደርስ የእኔው ከሥሩ አፈር ዘቀጠ። «እትዬ፣ ከአፈሩ ሌላ ካልሲየምና ማግኒዥየም አለበት፤ ቅርፊት የሚሆነው እሱ ነው» አለኝ። የወጥ ቤቱ ጨው ደግሞ አዮዲን አለው። ለእኛ ከእንቅርት ይጠብቀናል፤ ገንዳ ላይ ግን ቀለም ሊያመጣ ይችላል። እንዳይጋገር የሚጨመርበት ነገርም እንዲሁ።

አሁን ከረጢቱን አንብቤ ነው የምገዛው። ሶዲየም ክሎራይድ፣ ንጽሕናው ከ99 በመቶ በላይ፣ ምንም ያልተጨመረበት። ደቃቁ ቶሎ ይሟሟል። ለእግር መዘፍዘፊያ የሚሸጠው የማግኒዥየም ጨው ለዚህ አይሆንም።

ደስ ያለኝ ሐቀኝነቱ ነው። ገንዳችን 1,200 ሊትር ይይዛል፤ የማሽኑ መመሪያ በሊትር 2 ግራም ይላል። አሮጌውን ውሃ ደፍተን አዲስ ሞላን። በወጥ ቤቴ ሚዛን 2 ኪሎ ከ400 ግራም መዝኖ የዚያን ብቻ አስከፈለኝ። ከረጢቱን ሙሉ ቢለኝ እገዛው ነበር እኮ! ጨው ስለማይተን፣ ውሃው በትነት ሲጎድል ውሃ ብቻ እንድጨምር አደራ ብሎኝ ሄደ።

እንግዶቼ ጥምቀተ ባሕር ቆመው ውለው ሲመለሱ ውሃው ጠርቶ፣ ሞቆ ጠበቃቸው። እግዜር ይስጥልኝ።

ስልኩን ለመስጠት አስፈቅጄዋለሁ። የምትፈልጉ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ።