ፖሊፕን በዓይን ለመለየት፦ ያገለገለ ጃፓን ወይስ አዲስ ቻይና?

ደሴና ኮምቦልቻ ላይ ልዩ ክሊኒክ የሚከፍት ሐኪም በበዛ ቁጥር የሚደርሰኝ ጥያቄ አንድ ነው፦ «ኢንጂነር፣ ኮሎኖስኮፒ ልገዛ ነው፣ የቱን ትለኛለህ?» ትልቁን አንጀት ከውስጥ በካሜራ የሚያየውን መሣሪያ ማለቱ ነው። ከጥያቄው ኋላ ሁለት ፕሮፎርማ በቴሌግራም ይከተላል። አንዱ አዲስ የቻይና፣ ሌላው ያገለገለ የጃፓን ነው። ሁለቱም ላይ «ፖሊፕን (አንጀት ግድግዳ ላይ የሚበቅለውን ትርፍ ሥጋ) በልዩ ብርሃን ይለያል» ተብሎ ተጽፏል። አንዳንዱ ደግሞ ገዝቶ ከጨረሰ በኋላ ነው የሚደውለው። ለሁሉም በየተራ ከምናገር እዚህ ልጻፈው።

መልሴን ላስቀድም። ገንዘባችሁ የተቆጠረ ከሆነና የአንጀት ፖሊፕን አይታችሁ ምንነቱን መገመት ከፈለጋችሁ፣ ያገለገለ የጃፓኑን ኦሊምፐስ 180 ሙሉ ስብስቡን ግዙ፦ ስኮፑን (አንጀት ውስጥ የሚገባውን ቱቦ)፣ ፕሮሰሰሩን (ምስሉን የሚሠራውን ሳጥን) እና የብርሃን ሳጥኑን። አቅም ካላችሁ 190 ይሁን። አዲስ የቻይና ዕቃ የሚያዋጣው ሰው አለ፣ እሱን ወደ ኋላ እመጣበታለሁ፤ ግን አብዛኞቻችሁ እሱ አይደላችሁም።

ለምን ኦሊምፐስ? ነገሩ ያለው ቀለሙ ላይ ነው። የኦሊምፐስ ኤንቢአይ የሚባለው ብርሃን ነጩን ብርሃን በማጣሪያ ቆርጦ 415 እና 540 ናኖሜትር አካባቢ ያለውን ብቻ ያስቀራል። ይህን ብርሃን ሄሞግሎቢን አጥብቆ ስለሚውጠው ላይ ላዩን ያሉት ቀጫጭን የደም ሥሮች ቡናማ ሆነው ጎልተው ይወጣሉ። ፖሊፕን በሦስት ዓይነት የሚከፍለው ናይስ የሚባለው ምደባ የተሠራው በዚህ ቀለም ላይ ነው። የሚጠይቃችሁ ሦስት ነገር ነው፦ ፖሊፑ ከዙሪያው ይቡንናል ወይ (ይበልጥ ቡናማ ነው ወይ)? የደም ሥሩ ምን ይመስላል? የገጽታው ንድፍስ?

ዓይነት አንድ ቀለሙ ከዙሪያው ጋር እኩል ወይም የነጣ ነው፤ የደም ሥር የለውም፣ ቢኖረውም እዚህም እዚያም የተበታተነ ቀጭን ክር ነው። ይህ በአብዛኛው ሃይፐርፕላስቲክ የሚባለው፣ ብዙም የማያሰጋው ነው። ዓይነት ሁለት ከዙሪያው ቡናማ ሲሆን፣ ቡናማ የደም ሥሮች ሞላላ ወይም ቱቦ የሚመስሉ ነጫጭ ቅርጾችን ከበዋቸው ይታያሉ፤ አዴኖማ የሚባለው፣ ውሎ አድሮ ካንሰር ሊሆን የሚችለው ነው፣ ይቆረጣል። ዓይነት ሦስት ደግሞ ወደ ጥቁር ቡናማ ያደላል፣ የደም ሥሩ የተቆራረጠ ወይም ጭራሽ የጠፋ ነው፣ ንድፉም ፈርሷል። ይህ ወደ ጥልቁ የዘለቀ ካንሰር ነው፤ በመቁረጫው የወጥመድ ሽቦ አይነካም፣ ናሙና ተወስዶ ወደ ቀዶ ሕክምና ይላካል።

ለእኛ አገር ትልቁ ጥቅም ይህ ሦስተኛው ላይ ነው። ሻጮች «ፓቶሎጂ (የተቆረጠውን በላቦራቶሪ መመርመር) ያስቀርላችኋል» እያሉ የሚያወሩት ስለ አንደኛው ነው። እርግጥ ውጭ አገር ትንንሹን ፖሊፕ ቆርጦ ያለ ምርመራ መጣል የሚባል አሠራር አለ። የአሜሪካው የኢንዶስኮፒ ማኅበር ግን እ.ኤ.አ. በ2011 መስፈርቱን ሲያወጣ ከፍ አድርጎ ነው የሰቀለው። እስከ 5 ሚሊሜትር የሆነና የአንጀቱ መጨረሻ ላይ ያለ ፖሊፕ ሳይነካ እንዲተው፣ «ይህ አዴኖማ አይደለም» ያለው ሐኪም ቢያንስ 90 በመቶ ትክክል መሆን አለበት። ውጤቱን ከፓቶሎጂ ጋር እያመሳከረ መዝገብ ያልያዘ ሰው 90 ይሁን 60 በምን ያውቃል? ስለዚህ የፓቶሎጂን ወጪ ከማሽኑ ዋጋ ላይ የሚቀንስላችሁ ሻጭ ሒሳቡ ልክ አይደለም። ዓይነት ሦስትን አይቶ እጅን መሰብሰብ ግን ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ዋጋ አለው። ደሴ ላይ የተበሳ ወይም መድማት ያላቆመ አንጀት ይዞ ሌሊት የቀዶ ሐኪም መፈለግ ምን እንደሆነ የሚያውቅ ያውቀዋል።

ወደ ዋጋ እንምጣ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ምንዛሪው ለገበያ ከተለቀቀ ወዲህ ፕሮፎርማ እንደ እንጀራ ነው፣ ካደረ ይደርቃል። 10 ሺህ ዶላር የሚያወጣ ዕቃ ከዚያች ቀን በፊት በባንክ ምንዛሪ 570 ሺህ ብር ገደማ ነበር፤ በሳምንታት ውስጥ ከአንድ ሚሊዮን ብር አለፈ። በብር የተጻፈ ፕሮፎርማ ሲመጣላችሁ መጀመሪያ የሚያበቃበትን ቀን እዩ። ቀን ከሌለው ዋጋም የለውም።

እኔ ጋ በሚደርሱት ፕሮፎርማዎች ያገለገለ ኤች 180 ስኮፕ ለብቻው በጥቂት ሺህ ዶላር ይጠየቃል። አዲስ የጃፓን ሙሉ ስብስብ ብዙ አሥር ሺዎች ነው፤ እሱን ለጤና ሚኒስቴርና ለትልልቅ ሆስፒታሎች እንተወው። አዲሱ ቻይና መሐል ላይ ይቀመጣል። እኔን የሚያሳስበኝ ግን ጠቅላላ ድምሩ ሳይሆን በዚያው ገንዘብ ስንት ስኮፕ ይመጣል የሚለው ነው። በአንድ አዲስ ቻይና ስብስብ ዋጋ ያገለገለ 180 ከሁለት ስኮፕ ጋር ማግኘት ይቻላል። ይህ ቅንጦት አይደለም። አንዱ ስኮፕ ጫፉን የሚያዞረው ሽቦ ሲላላ ወይም ውስጡ ውሃ ሲገባ ለጥገና አዲስ አበባ ይወርዳል፤ 400 ኪሎ ሜትር ነው፣ ወይ ከኮምቦልቻ በአውሮፕላን በእጅ ይዛችሁት ትሄዳላችሁ። እስኪመለስ ድረስ አንድ ስኮፕ ያለው ክሊኒክ በሩን ዘግቶ ኪራይ ይከፍላል። ይህን ኪራይ ፕሮፎርማው ላይ የሚጽፍ ሻጭ እስካሁን አላየሁም።

አሁን ያገለገለ ዕቃ ወጥመዶች። እዚህ ላይ ረዘም ማለቴ ነው፤ ገንዘብ የሚጠፋው እዚህ ነውና።

አንድ ወዳጄ ከአንድ አስመጪ የገዛው ስብስብ ፕሮሰሰሩ ሲቪ 180 ነው፣ ንጹሕ ነው፣ ቁልፉ ላይ ኤንቢአይ የሚል አለ። ቁልፉን ሲጫን ግን ብርሃኑ ንቅንቅ አይልም። ለካ አብሮ የተሰጠው የብርሃን ሳጥን ሲኤልቪ 160 ነው። ማጣሪያው ያለው ፕሮሰሰሩ ውስጥ ሳይሆን የብርሃን ሳጥኑ ውስጥ ነው፤ 160 ላይ ደግሞ ጭራሹን የለም። አስመጪው ሲጠየቅ «እኔ ፕሮሰሰር 180 አልኩ እንጂ ብርሃኑን አልኩ?» አለ። እውነቱን ነው፣ ወረቀቱ ላይ «ከነብርሃን ሳጥኑ» ብቻ ነበር የሚለው። ሁለቱም ሳጥኖች ላይ 180 ተጽፎ ካላያችሁ አትክፈሉ።

ሁለተኛው የፊደል ወጥመድ ነው። ኤች 180 ጥራቱ ከፍ ያለ ምስል ይሰጣል፤ ኪው 180 አይሰጥም። ከውጭ አንድ ዓይነት ናቸው፣ ዋጋው ግን ይለያያል፣ ደላላውም ሁለቱንም «180» ብሎ ነው የሚጠራው። ናይስ የሚጠይቀውን የደም ሥር ንድፍ በኪው ላይ መፈለግ ዓይን ማድከም ነው። 190 ላይ ኤችኪው የሚል ካገኛችሁ ደግሞ በቁልፍ ጠጋ ብሎ የሚያይ ሁለተኛ ትኩረት አለውና ጥቂት ቢጨመርበት አይቆጭም።

ሦስተኛው፣ ከጃፓንና ከእንግሊዝ የሚመጣው 260 የሚባለው ቤተሰብ ነው። ርካሽ ነው፣ ያምራል፣ ግን ቀለም የሚሠራበት መንገድ ሌላ ስለሆነ 260 ስኮፕ 180 ፕሮሰሰር ላይ ምስል አያወጣም። «ኦሊምፐስ ከኦሊምፐስ ይገጥማል» ለሚላችሁ አትመኑ።

አራተኛው አምፖሉ። 180ም 190ም በ300 ዋት ዜኖን አምፖል ነው የሚሠሩት፣ ዕድሜው 500 ሰዓት ገደማ ነው፤ የብርሃን ሳጥኑ ፊት ላይ ቆጣሪ አለ። ገበያው በፎርጅድ አምፖል ተሞልቷል። በነጭ ብርሃን ሲታይ ደህና ይመስላል። ኤንቢአይ ላይ ግን ማጣሪያው አብዛኛውን ብርሃን ስለሚቆርጠው ደካማው አምፖል ይጋለጣል፣ ምስሉ ይጨልማል፣ የደም ሥሩም ጭጋግ ውስጥ ይገባል። ያኔ ሐኪሙ የሚፈርደው ፖሊፑን አይቶ ሳይሆን አምፖሉን አይቶ ነው። ኦሪጅናሉን ግዙ፤ መብራት እየሄደ እየመጣ እንዳያቃጥለው ዩፒኤስና ስቴብላይዘር ጨምሩ። ጠፍቶ ገና ያልቀዘቀዘ አምፖል ወዲያው መልሶ ማብራትም ዕድሜውን ይበላዋል።

ከዚያ ጥቃቅኑ ይመጣል። ጫፉ ላይ ያለው ጥቁር ላስቲክ ፎርጅድ ከሆነ በማጽጃው ኬሚካል ቶሎ ይላላል፣ ውሃ ያስገባል፣ ውሃው ካሜራውን ይገድላል። የላስቲክ ዋጋ ቆጥባችሁ የካሜራ ዋጋ ትከፍላላችሁ፤ የካሜራ ቅየራ ደግሞ ሌላ ያገለገለ ስኮፕ ከመግዛት ብዙም አይተናነስም። ለዚህ ነው ከእያንዳንዱ ታካሚ በኋላ የፍሳሽ ፍተሻ (ስኮፑ ውሃ የሚያስገባ ቀዳዳ እንዳለው ማየት) የምጨቀጭቀው። አንድ ጊዜ ተጠቅሞ መጣል ያለበትን የናሙና መቆንጠጫ እያጠቡ የሚደጋግሙም አሉ፤ ሽቦው ሲፈለቀቅ የስኮፑን ቦይ ከውስጥ ይቧጭረዋል።

ሻጭ «ጄኔት ይሠራል» ካላችሁ ፈገግ በሉ። ጄኔት የጃፓኖች ምደባ ነው፤ ዓይነት ሁለትን ሁለት ኤ እና ሁለት ቢ ብሎ ይከፍለዋል፣ ጠቃሚም ነው፣ ግን የሚያጎላ ስኮፕ ይፈልጋል። ኩዶ የሚባለው የቆየ ምደባም ማጉሊያና ማቅለሚያ ይጠይቃል። ለጀማሪ ክሊኒክ ለዚህ ብር አታውጡ። ናይስ ያለ ማጉሊያ እንዲሠራ ተደርጎ የተቀረጸ ነው። የፓሪሱ ምደባ ደግሞ ነጻ ነው፦ ቅርጹን ብቻ ነው የሚያየው፣ በየትኛውም ስኮፕ ይሠራል። እግር ያለው ነው? ተለጥፎ የተቀመጠ ነው? ወይስ ጠፍጣፋ? የተዘጋ መቆንጠጫ አጠገቡ አስቀምጡ፤ ፖሊፑ ከዚያ፣ ማለትም ከ2.5 ሚሊሜትር፣ ከበለጠ ተለጥፎ የተቀመጠ፣ ካነሰ ጠፍጣፋ ነው። ሪፖርታችሁ ላይ ናይስንም ፓሪስንም ጻፉ። ናይስ አንድ ብላችሁ ከማለፋችሁ በፊት ግን ፖሊፑ ደመና ለብሶ፣ ጠርዙ ደብዝዞ፣ ቅርጹ ተዛብቶ፣ ቀዳዳዎቹ ውስጥ ጥቁር ነጥብ ይዞ እንደሆነ ተመልከቱ። ከአራቱ ሁለቱ ካሉ ሃይፐርፕላስቲክ ሳይሆን ወደ ካንሰር ሊሄድ የሚችለው ጥርሳማው ዓይነት ሊሆን ይችላልና አትተዉት። አንጀቱ በደንብ ካልጸዳ ደግሞ የትኛውም ምደባ አይሠራም፤ በኤንቢአይ የሐሞት ፈሳሽ ቀይ ሆኖ ስለሚታይ አዲስ ሰው ደም ነው ብሎ ይደነግጣል።

የቻይናውን አልሰድብም። ሶኖስኬፕ ኤችዲ 550ን ብትወስዱ ብርሃኑ ኤልኢዲ ነው፣ የአምፖል ጣጣ የለበትም፣ ምስሉ ብሩህ ነው፣ ዋስትና ይዞ ይመጣል። ቪስት የሚባል የራሱ የምስል ስልትም አለው። ችግሬ ናይስ የተፈተነው በኤንቢአይ ቀለም መሆኑ ነው። የሌላ ኩባንያ ብርሃን ቡናማውን በሌላ መጠን ሲያሳይ «ከዙሪያው ይቡንናል ወይ?» ለሚለው ጥያቄ መልሱ ይንሸራተታል። ፉጂፊልም እንኳ ቢኤልአይ ለሚባለው ብርሃኑ ቤዚክ የሚባል የራሱ ምደባ ወጥቶለታል። የፉጂ ነገር ከተነሳ፣ ርካሹ 4450 ፕሮሰሰር ያለው ፋይስ የሚባለው በሶፍትዌር ቀለም የሚቀባው ነው፤ ቢኤልአይ የምትፈልጉ 7000ን ነው የምትጠይቁት። ሌላውን የጃፓን ስም ፔንታክስን ከነጥገናው የሚያውቅ ሰው እዚህ አካባቢ ስላላገኘሁ አልመክረውም። ሰው ሠራሽ አስተውሎት ለተባለው ተጨማሪ ዋጋ አሁን ኪሳችሁን አትክፈቱ።

አዲስ ቻይና የሚያዋጣው ያየውን ሁሉ ቆርጦ ፓቶሎጂ ለሚልክ፣ በብርሃን ለመፍረድ ለማይፈልግ፣ አዲስ አበባ ውስጥ የኩባንያው ወኪል በስሙ ለሚያውቀው ክሊኒክ ነው። መለዋወጫው ግን ከዚያው ወኪል እጅ ብቻ ስለሚወጣ ወኪሉ ከአገር ከወጣ ዕቃው ቁም ሣጥን ይሆናል። የ180 መለዋወጫና ሠራተኛ ግን በየቦታው አለ።

አሁን ለሚገዛ፣ ሳይከፍል የሚሠራው ፍተሻ ይህ ነው። ስኮፑን አብሩ፣ ጫፉን ነጭ ወረቀት ላይ አነጣጥሩ፣ የኤንቢአይ ቁልፉን ተጫኑ፤ ስክሪኑን ሳይሆን ወረቀቱን እዩ። እውነተኛ ማጣሪያ ካለው ወረቀቱ ላይ የሚያርፈው ብርሃን ወደ ሰማያዊ አረንጓዴ ይለወጣል። ስክሪኑ ብቻ ተቀይሮ ወረቀቱ ነጭ ሆኖ ከቀረ የገዛችሁት ሶፍትዌር ነው። ሻጩ ሩቅ ከሆነ ይህንኑ በቪዲዮ እንዲልክ ጠይቁ፣ የአምፖል ቆጣሪውንና የሁለቱን ሳጥኖች ሞዴል በአንድ ሳይቋረጥ በተቀረጸ ቪዲዮ ያሳያችሁ። ውሉ ላይ ደግሞ ከዋጋው አንድ አራተኛው የሚከፈለው ዕቃው የሐረጎን ዳገት ወጥቶ ደሴ ክፍላችሁ ውስጥ ከተገጠመ፣ የፍሳሽ ፍተሻውንና የወረቀቱን ፈተና ካለፈ በኋላ እንደሆነ አስጽፉ። «አዲስ አበባ መጋዘን ነው የምናስረክበው» የሚል ካለ፣ ያንኑ አንድ አራተኛ ከዋጋው ላይ እንዲቀንስ ጠይቁት።